ቃጭል ስላሠሩለት ሙክት
ስለ አንድ የእንግሊዝኛ ቃል ትርጓሜና አገባብ ለመንደር ትምህርት ቤት መምህራን የተዘጋጀ ንግግር



የእንግሊዝኛን ቋንቋ የሚማር ሰው ብዙ ጊዜ የሚሰናከለው በረዥሙና በከባዱ ቃል አይደለም። ረዥሙን ቃል ባያውቀው መዝገበ ቃላት ገልጦ ያገኘዋል። የሚያሰናክለው ሁለት ትንንሽ ቃላት ተጋጥመው አንድ የሆኑበት ቃል ነው፤ ተማሪው ሁለቱን ለየብቻቸው የሚያውቃቸው ስለሚመስለው መዝገብ ሳይገልጥ ያልፋል፤ አልፎም ይሳሳታል። ከእንደዚህ ያሉት ቃላት አንዱ «ቤልዌዘር» የሚባለው ነው። ይህ ቃል በዕለት ንግግር እምብዛም አይሰማም፤ ነገር ግን በጋዜጣ፥ በንግድ ወሬና በፍርድ ቤት ጽሑፍ ውስጥ ይገኛል።

«ቤል» ማለት ደወል መሆኑን በትምህርት ቤት ደጃፍ የቆመ ልጅ ሁሉ ያውቃል። «ዌዘር» የሚለውንም ስለ ዝናምና ስለ ፀሐይ ሲነገር ሰምቶታልና የአየር ጠባይ ማለት ነው ይላል። ከዚያ በኋላ ሁለቱን ያጋጥምና «የአየር ጠባይ ደወል» ብሎ ይተረጕመዋል፤ በሐሳቡም ማዕበል ሲመጣ የሚደወል አንድ ትልቅ ደወል በባሕር ዳር ተሰቅሎ ያያል። ትርጓሜው ያማረ ነው፤ እውነት ግን አይደለም።

በዚህ ስሕተት የሚወድቅ የውጭ አገር ተማሪ ብቻ እንዳይመስል። እንግሊዝኛ የአፍ መፍቻ ቋንቋቸው የሆነ ሰዎችም ቃሉን ሲጽፉ «ኤ» የምትባለውን ፊደል በመካከል እየጨመሩ ከአየር ጠባይ ጋራ ያደባልቁታል። ምክንያቱም በዚያ ቋንቋ በብዙ ሰው አነጋገር ድምፃቸው አንድ የሆነ፥ ጽሕፈታቸው ግን የተለያየ ሦስት ቃላት አሉ። አንደኛው የአየር ጠባይ ነው። ሁለተኛው «ይሁን ወይስ አይሁን» ብሎ ለመጠራጠር የሚያገለግል አገባብ ነው። ሦስተኛውና በዚህ ቃል ውስጥ ያለው «ዌዘር» ግን ሙክት ማለት ነው፤ ይኸውም ተኰላሽቶ ያደገ ወንድ በግ ነው።

በዚህ ነገር የኢትዮጵያ ገጠር ልጅ ከለንደን ወይም ከኒው ዮርክ ልጅ ይልቅ ዕድለኛ ነው። በከተማ ተወልዶ ያደገ እንግሊዛዊ ይህን ቃል ለብቻው ቢጠየቅ አብዛኛውን ጊዜ አያውቀውም፤ ቃሉ ከበግ አርቢዎች አፍ ወጥቶ ወደ ጋዜጣ ሲገባ በጉ ከኋላ ቀርቷልና። አማርኛ ተናጋሪ ግን ሙክትን ያውቃል፤ በፋሲካ ገበያ ሲጐተት አይቶታል፤ ዋጋውም ከጠቦቱ እንዴት እንደሚለይ ሰምቷል። ስለዚህ መምህሩ «ዌዘር» ማለት ሙክት ነው ቢለው የቃሉ ግማሽ ወዲያው ይበራለታል።

ስለ ቃሉ ዘር ጥቂት መናገር ይገባል። «ዌዘር» ከጥንታዊው እንግሊዝኛ የመጣ ነው፤ የጀርመንኛው «ዊደር» ወንድሙ ነው፤ ይህኛው ግን ያልተኰላሸውን አውራ በግ ይሰይማል። የቋንቋ ሊቃውንት ሁለቱም «ዓመት» ከሚል እጅግ ጥንታዊ ሥር እንደ ወጡ ይናገራሉ፤ በመጀመሪያ ትርጓሜው የዓመት ልጅ የሆነ እንስሳ ማለት ነበረ። የሮማውያን ቋንቋ ጥጃን የሚጠራበት ቃል ደግሞ ከዚሁ ሥር የወጣ ነው።

አሁን ሁለቱ ቃላት እንዴት እንደሚጋጠሙ እንመልከት፤ የቤተ ክህነት ትምህርት ያለው ተማሪ ሌላ ስሕተት የሚሠራው በዚህ ላይ ነውና። በግዕዝ አገባብ የነገሩ ስም ይቀድማል፤ ዘርፉ ይከተላል። «ቤተ መጻሕፍት» ሲባል ነገሩ ቤት ነው፤ መጻሕፍት የሚለው የምን ቤት እንደ ሆነ ይናገራል። በእንግሊዝኛ ግን ነገሩ ከኋላ ይቆማል፤ የሚቀድመው ቃል ዓይነቱን የሚገልጥ ብቻ ነው። የግዕዙን ልማድ ይዞ «ቤልዌዘር»ን የሚያነብ ተማሪ «ቃጭለ ሙክት» ያደርገዋል፤ ይህም በሙክት አንገት ላይ ያለው ቃጭል ማለት ይሆናል። ትክክለኛው ግን ቃጭሉ ሳይሆን በጉ ነው፤ ባለ ቃጭል ሙክት። መምህሩ ልጆቹን «የእንግሊዝኛን ጥምር ስም ከኋላው ጀምራችሁ ተርጕሙ» ቢላቸው ከዚህ ቃል ሌላ በብዙ መቶ ቃላት ይጠቅማቸዋል።

እንግሊዞች ይህን ቃል ከ500 ዓመት በላይ ሲሠሩበት ኖረዋል። ነገሩ ከእረኝነት ሥራ የተወሰደ ነው። እረኛው ከመንጋው መካከል አንድ ሙክት ይመርጥና ከትንሽነቱ ጀምሮ ያለማምደዋል፤ በስሙ ሲጠራው ይመጣል፤ ከእጁም ይበላል። ከዚያ በኋላ ቃጭል በአንገቱ ያሥርለታል። ሙክቱ እረኛውን ይከተላል፤ መንጋውም ሙክቱን ይከተላል። ጉም በተራራው ላይ ሲወርድ ወይም ሌሊት ሲሆን እረኛው መንጋውን በዓይኑ ባያይ በጆሮው ያገኘዋል።

ስለ ምን ሙክት ተመረጠ ብሎ የሚጠይቅ ተማሪ ይኖራል፤ ጥያቄውም መልካም ነው። ያልተኰላሸው በግ በመራቢያው ወራት እንስቶችን ይከተላል፤ ከሌሎቹ አውራዎች ጋራም ይዋጋል፤ ልቡ በመንገዱ ላይ አይደለም። እንስቲቱ ደግሞ ታረግዛለች፤ ግልገልዋንም ለማጥባት ከመንጋው ኋላ ትቀራለች። ሙክት ግን ከዚህ ሁሉ ነጻ ነው፤ ጠባዩ የረጋ ነው፤ ስለ ሱፉም ብዙ ዓመት ሊቆይ ይችላል። በእስጳንያ አገርም መንጋቸውን በየዓመቱ ከቈላ ወደ ደጋ የሚያዘዋውሩ እረኞች እንዲህ ያሉ የተለማመዱ ሙክቶችን በመንጋው ፊት ያስሄዱ ነበር።

እዚህ ላይ የሁለቱ ቋንቋዎች አሳብ የሚለያይበት አንድ ነገር አለ፤ ሽማግሌዎች ሊወያዩበት የሚገባ ነው። አማርኛ የመሪነትን ስም ካልተኰላሸው ወንድ ጋራ አስተባብሮታል። አውራ በግ፥ አውራ ዶሮ ይባላል፤ ከዚያም አውራ ጣት፥ አውራ ጎዳና ይባላል፤ የንብ አውራም አለ። ኃይለኛው፥ ታላቁ፥ ሌላው ሁሉ የሚሰበሰብበት እርሱ አውራ ነው። እንግሊዝኛው ግን በዚህ ቃል በመንጋው ፊት የሚሄደውን ከተኰላሸው አወጣው። ስለዚህ «ቤልዌዘር»ን «አውራ» ብሎ የሚተረጕም ሰው የቃሉን ልብ ይገለብጠዋል። አውራው በራሱ ኃይል ይመራል፤ ባለ ቃጭሉ ሙክት ግን ቃጭሉን ያሠረለት ሌላ ነው፤ የሚሄድበትንም መንገድ የመረጠው ሌላ ነው። በመንጋው ዓይን መሪ ነው፤ በእረኛው ዓይን አገልጋይ ነው።

በጎች አንዱ የሄደበትን እንዴት እንደሚከተሉ የማያውቅ እረኛ የለም፤ ለማስረጃ ግን በቱርክ አገር የሆነውን መናገር ይቻላል። በ2005 ዓ.ም. በፈረንጆች አቈጣጠር (በዚህ ንግግር ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቈጣጠር ናቸው) በቫን ግዛት ጌቫሽ በሚባለው ስፍራ አንድ በግ ከገደል ዘለለ፤ ወደ 1,500 የሚሆኑት ሌሎች በጎችም ተከትለውት ዘለሉ። ከእነርሱም ወደ 450 የሚሆኑት ሞቱ፤ የቀሩት የዳኑት በፊት የወደቁት ሬሳ ከፍ ብሎ እንደ ፍራሽ ስለ ተቀበላቸው ነው። በአሜሪካ የከብት ማረጃ ቤቶችም በጎቹን ወደ ቢላዋው የሚመራ የተለማመደ ፍየል ይያዝ ነበር፤ እርሱ በጓሮ በር ይወጣል፤ በጎቹ ይቀራሉ። ይህን ፍየል «የይሁዳ ፍየል» ብለው ሰየሙት፤ ስሙም ያለ ትርጓሜ ይገባል።

እንግዲህ ቃሉ ከበግ ወደ ሰው ሲሻገር በመጀመሪያ የክብር ስም አለመሆኑ አያስደንቅም። በቀድሞ ዘመን ቤልዌዘር የተባለ ሰው ሁከተኞችን ከኋላው አስከትሎ የሚጮኽ የአድማ መሪ ነበረ። ስድብም ይሆን ነበር፤ ሼክስፒር በ1602 ዓ.ም. በታተመ አንድ የቀልድ ተውኔቱ ውስጥ ስለ ቀናተኛ ባል ሲነገር ቃሉን በስድብነት አግብቶታል። የጎረቤት ቋንቋዎችም እንደዚሁ አድርገዋል። የሆላንድ ሰዎች «ቤልሃመል» የሚሉት ቃል በቃል ባለ ቃጭል ሙክት ማለት ነው፤ ዛሬ ግን የሚጠሩበት አስቸጋሪ ልጅን ነው፤ ጓደኞቹን ለጥፋት የሚያስነሣውን። የጀርመኖች «ላይትሃመል» ደግሞ ሰዎች ሳያስቡ የሚከተሉት መሪ ነው፤ በቃሉ ውስጥ ንቀት አለበት፤ ንቀቱም ከመሪው ይልቅ በተከታዮቹ ላይ ይወድቃል።

ዛሬ በጋዜጣ የሚገኘው ትርጓሜ ግን ሌላ ነው። ስድቡ ቀርቷል፤ መሪነቱም ደብዝዟል፤ የቀረው ቃጭሉ ነው። ቃጭሉ መንጋው የት እንዳለ እንደሚያስታውቅ፥ ቤልዌዘር የተባለው ነገር ሌላው ሁሉ ወዴት እንደሚያዘነብል ያስታውቃል። በአክሲዮን ገበያ አንድ ትልቅ ኩባንያ እንደዚህ ይባላል፤ ዋጋው ሲወርድ ነጋዴዎች የሌሎቹም ሊወርድ ነው ብለው ይጠብቃሉ። ከሁሉ ይልቅ ቃሉ የሚዘወተረው ግን በአሜሪካ ምርጫ ወሬ ነው፤ በዚህም ላይ ጥቂት መቈየት ይገባል፤ ብዙ ሰው የተታለለበት ነውና።

ሚዙሪ የሚባለው ግዛት ከ1904 እስከ 2004 ዓ.ም. በተደረጉት 26 የፕሬዚዳንት ምርጫዎች ከ1956ቱ በቀር በሁሉም ያሸነፈውን ሰው መርጦ ነበር። ስለዚህ «የሚዙሪን አይተህ አሜሪካን እወቅ» የሚል እምነት ተስፋፋ። በ2008 ዓ.ም. ግን ሚዙሪ ማኬይንን መረጠ፤ አገሩ ኦባማን መረጠ፤ በ2012 እና በ2020 ዓ.ም. ደግሞ እንደዚሁ ሳተ። ከዚህም በፊት ሜይን የሚባለው ግዛት ተመሳሳይ ስም ነበረው፤ የግዛቱን ሹማምንት የሚመርጠው በመስከረም ስለ ነበረ ሌሎቹ በኅዳር የሚያደርጉትን አስቀድሞ ያሳያል ይባል ነበር። በ1936 ዓ.ም. ሩዝቬልት ከ48ቱ ግዛቶች 46ቱን ሲያሸንፉ ሜይን ከቨርሞንት ጋራ ብቻዋን ቀረች።

ከዚህም የባሰ አለ። ከ1980 እስከ 2016 ዓ.ም. በተደረጉት ዐሥር ምርጫዎች አንድም ጊዜ ሳይስቱ ያሸነፈውን የመረጡ 19 አውራጃዎች ነበሩ፤ ቪጎ የምትባለው የኢንዲያና አውራጃማ ከ1956 ዓ.ም. ጀምሮ አልሳተችም ነበር። በ2020 ዓ.ም. ባይደን ሲያሸንፉ ከ19ኙ አውራጃዎች የቀናት አንዲት ብቻ ሆነች፤ እርስዋም በዋሽንግተን ግዛት ያለችው ክላላም ናት። በ2024 ዓ.ም. ክላላምም ሳተች።

እነዚህ አውራጃዎች በውኑ የሚያውቁት ነገር ነበረን? ይህን ጥያቄ መምህሩ ያለ ብዙ ድካም በክፍሉ ሊመረምረው ይችላል። 32 ተማሪዎች ያሉበት ክፍል ይሁን። መምህሩ አንድ ሳንቲም አምስት ጊዜ ከመወርወሩ በፊት እያንዳንዱ ልጅ በየተራው ፊቱ ይወጣ እንደሆን ወይስ ጀርባው በወረቀት ጽፎ ያስቀምጥ። ሳንቲሙ ከተወረወረ በኋላ አምስቱንም ያወቀ ልጅ በአማካይ አንድ ይገኛል፤ ሁለት ለአምስት ጊዜ በራሱ ሲባዛ 32 ነውና። ያ ልጅ ነቢይ አይደለም፤ በስድስተኛው ውርወራ እንደ ጓደኞቹ ሁሉ ግማሽ ተስፋ ብቻ አለው። በአሜሪካ ከ3,000 በላይ አውራጃዎች አሉ፤ ዐሥር ጊዜ በተከታታይ በዕድል ብቻ ማወቅ ከ1,024 አንድ ስለሆነ ከእነዚህ ሁሉ ውስጥ ሦስት ያህሉ ምንም ሳያውቁ ያውቃሉ። እርግጥ ነው፤ ምርጫ እንደ ሳንቲም አይደለም፤ አገሩ በአንድነት ሲያዘነብል አውራጃዎቹም አብረው ያዘነብላሉ፤ ስለዚህ ቍጥሩ ከሦስት ይበልጣል። ነገር ግን ቃጭሉ የታሠረላቸው ከተፈጸመ በኋላ መሆኑን መዘንጋት አይገባም። እረኛው ሙክቱን አስቀድሞ መርጦ ያለማምደዋል፤ የጋዜጣ ጸሐፊ ግን መንጋው ከገባ በኋላ ወደ ኋላ ተመልክቶ በፊት የነበረውን በግ ይፈልጋል።

በፍርድ ቤት ያለው አገባብ ከዚህ የተሻለ ነው። በአሜሪካ ብዙ ሺህ ሰዎች በአንድ ነገር ምክንያት አንድን ኩባንያ ሲከሱ ዳኛው የሁሉን ነገር በየተራ ቢሰማ ዕድሜው አይበቃውም። ስለዚህ ጥቂቶቹን መርጦ አስቀድሞ ይሰማል፤ ከእነርሱ ፍርድም የቀሩት ከሳሾችና ተከሳሹ ነገራቸው ምን እንደሚያወጣ ይገምታሉ፤ ብዙ ጊዜም በዚያ ይታረቃሉ። እነዚህን አስቀድመው የሚሰሙትን ክሶች ቤልዌዘር ይሏቸዋል።

በ1997 ዓ.ም. አምስተኛው የይግባኝ ፍርድ ቤት በአንድ ነገር ላይ የሰጠው ፍርድ የዚህን ቃል ትርጓሜ እስከ መንጋው ድረስ ወርዶ የመረመረ ስለሆነ ሊነገር ይገባዋል። በቴክሳስ በሂዩስተን ከተማ ከ3,000 የሚበልጡ ሰዎች ቤታችን የተሠራበት መሬት በ1920ዎቹ የድፍድፍ ነዳጅ ማጠራቀሚያ ጕድጓድ የነበረበት ነው፤ በዚህም ተጐዳን ብለው አንድ የነዳጅ ኩባንያ ከሰሱ። የታችኛው ዳኛ 30 ሰዎች እንዲሰሙ አዘዘ፤ 15ቱን ከሳሾቹ፥ 15ቱን ኩባንያው እንዲመርጡ ፈቀደ። የይግባኙ ፍርድ ቤት ግን ይህን አልተቀበለም። ቃጭል የሚታሠርለት ሙክት ሥራው የሚከናወነው መንጋው ሲያምነው ነው አለ፤ እነዚህ ሠላሳው ግን የቀሩትን እንዲወክሉ የተመረጡ አይደሉም፤ አንዱ ወገን ለራሱ እጅግ የሚያምረውን፥ ሌላው ወገን ለራሱ የሚያምረውን አቅርቧልና። ስለዚህ በሠላሳው ላይ የሚወጣው ፍርድ በቀሩት ሦስት ሺህ ላይ እንዳይጸና ከለከለ። ቤታቸው በዚያ መሬት ላይ ለቆመ ሰዎች ይህ የቃላት ክርክር ብቻ አልነበረም፤ ያልተሰሙት ሰዎች ባልመረጧቸው ሰዎች ምክንያት መብታቸውን እንዳያጡ ያደረገ ነው።

መምህር ይህን በራሱ ሥራ ላይ አስተውሎ ሊያየው ይችላል። አንድ ተቈጣጣሪ የአንድን ወረዳ ትምህርት ቤቶች ሁሉ ሁኔታ ለማወቅ ፈልጎ መኪና የሚደርስበትን በመንገድ ዳር ያለውን አንዱን ብቻ ቢያይ፥ ስለ ቀሩትም በዚያ ቢጽፍ፥ የመንገድ ዳሩን ትምህርት ቤት ቤልዌዘር አድርጎታል፤ ከወንዙ ማዶ ያሉት ግን ያንን ሙክት አያውቁትም። ስለዚህ በእንግሊዝኛ ጽሑፍ ይህ ቃል ባጋጠመ ጊዜ አንባቢው ቃጭሉን ማን አሠረው፤ መንጋውስ ይከተለዋልን ብሎ ቢጠይቅ የጽሑፉን እውነትና ሐሰት ለመለየት ይረዳዋል።

ለትርጕም ሥራ የሚሆነውን በአጭሩ ለመናገር፤ ስለ በጎች በሚነገር ታሪክ «ባለ ቃጭል ሙክት» ማለት ይበቃል። በአሮጌ መጻሕፍት ስለ ሰው ሲነገር «የአድማ መሪ» ይሻላል። በምርጫና በንግድ ወሬ «አመልካች» ይባል፤ በፍርድ ቤት ነገር «ለናሙና አስቀድሞ የሚታይ ክስ» ቢባል ግልጥ ይሆናል። አንዳንድ ተርጓሚ «ፈር ቀዳጅ» ሊለው ይወድዳል፤ ይህ ግን አይስማማም። ፈር ቀዳጅ ማንም ባላረሰው መሬት ላይ የመጀመሪያውን ፈር የሚያወጣ ነው፤ ባለ ቃጭሉ ሙክት የሚሄደው እረኛው አስቀድሞ በሚያውቀው መንገድ ነው። ለጽሕፈት ትምህርት ደግሞ መምህሩ ድምፃቸው አንድ የሆነውን ሦስቱን ቃላት በአንድ ዐረፍተ ነገር አግብቶ ያስጽፍ፤ ይኸውም እረኛው በክፉ የአየር ጠባይ ሙክቱ ይወጣ ወይስ አይወጣ እንደሆን ሲጠራጠር የሚል ይሁን። «ኤ» የምትገባው በአየር ጠባዩ ብቻ ነው።